ቀድሞ የወጣ እልልታ

ሮም በኖርኩባቸው የደርግ ዓመታት ስልክ እፈራ ነበር። የሚስቅብኝ ይሳቅ። ከአገር ቤት ተደውሎ መልካም ነገር ሰምቼ አላውቅም። መስመሩ ላይ ጆሮ አለ ስለሚባል የደወለው ሁሉ «ደህና ነን፣ ሁሉም ሰላም ብለውሻል» ይልና ስም ይቆጥራል፤ ከስሞቹ መሀል የጎደለውን ፈልጎ ማግኘት የእኔ ሥራ ነው። የታላቅ ወንድሜን ሞት የሰማሁት እንደዚያ ነው። እናቴ ከደሴ ቤተሰቡን አንድ በአንድ ስትጠራ እሱን ዘለለችው። እኔም አልጠየቅኳት፣ እሷም አላለቀሰች። ስልኩን ዘግቼ እዚያው ኮሪደሩ ወለል ላይ ተቀመጥኩ። የታናሽ እህቴንም ሠርግ የሰማሁት በዚሁ ስልክ፣ ያውም ካለፈ ከሰነበተ በኋላ ነው። እልልታው ለሌላው ሆኖ ለእኔ «ሁሉም በሰላም ተፈጸመ» የምትል ደረቅ ቃል ደረሰችኝ።

ስልኩ የእኔ አልነበረም። የምኖረው ፒያሳ ቪቶሪዮ አጠገብ፣ አንድ አሮጌ ፎቅ ላይ፣ አንዲት አሮጊት ባከራዩኝ ክፍል ውስጥ ነበር። አባታቸው ጣልያን፣ እናታቸው የጎንደር ሰው ነበሩ፤ ራሳቸው አዲስ አበባ ተወልደው አድገው፣ በአብዮቱ ጊዜ ቤታቸውን ትተው የመጡ ካቶሊክ ናቸው። አማርኛቸው ከእኔ አማርኛ ይጠራል፣ ሲቆጡ ግን ጣልያንኛ ነው የሚመጣላቸው። የስልኩ ማዞሪያ ላይ ትንሽ ቁልፍ አድርገውበት፣ መክፈቻውን ከመስቀላቸው ጋር አንገታቸው ላይ ያንጠለጥሉታል። እኔ ቀን ቀን ከዓለም አቀፎቹ የምግብ ድርጅቶች በአንዱ ታይፒስት ነበርኩ፤ ማታ ማታ ደግሞ ከእሳቸው ጋር መጨቃጨቅ ነው። ተጣልተን ግን ሳንታረቅ አናድርም።

ከእኛ በታች ባለው ፎቅ ባንግላዴሾች ይኖሩ ነበር። ስንት እንደሆኑ እነሱም የሚያውቁ አይመስለኝም፤ አንዱ ከሥራ ሲገባ ሌላው ከዚያው አልጋ ተነስቶ ይወጣል። ገሚሱ በየምግብ ቤቱ ጽጌረዳ ያዞራል፣ ደመና ሲያዩ ጃንጥላ ይዘው ተርሚኒ ባቡር ጣቢያ በር ላይ የሚቆሙም አሉ፣ የቀሩት ምግብ ቤት ውስጥ ሳህን ያጥባሉ። እሁድ እሁድ የዓሣና የሩዝ ሽታ ደረጃውን ይሞላዋል። ላይኛው ፎቅ ያሉት ጣልያኖች አፍንጫቸውን ይዘው ይወርዳሉ። አሮጊቷም መጀመሪያ ላይ «ይኼ ሽታ ምንድን ነው? ማ ኬ!» ብለው ከነሱ ጋር ሊቆሙ ከጀላቸው። እኔ ነኝ ያስቆምኳቸው። የእኛ በርበሬ ሲቆላ ጎረቤት እንዴት እንደሚያስነጥሰው ሳስታውሳቸው ተዉት።

ከመካከላቸው አንዱ፣ ይህ ታሪክ የእሱ ነው፣ ትራቶሪያ በሚሉት አንድ ትንሽ ምግብ ቤት ውስጥ ሳህን አጣቢ ነበር። ጣቶቹ ሁልጊዜ ነጭና የተሸበሸቡ ናቸው። አሮጊቷ ከገበያ ሲመለሱ ዘንቢላቸውን ሳይጠይቅ ተቀብሎ እስከ በራቸው ያደርስላቸዋል፤ «ኖና» ነው የሚላቸው፣ አያቴ ማለቱ ነው። እኔን «አፓ» ይለኛል፣ በእነሱ ቋንቋ ታላቅ እህት ማለት ነው። አንድ ቀን ዘንቢሉን ሊያስቀምጥ ወጥ ቤት ሲገባ እኔ ሩዝና ምስር ወጥ በእጄ እየበላሁ አገኘኝ። ደንግጦ ቆመና ሳቀ፣ ሳቁም ማቆሚያ አጣ። አውሮፓ ከገባ ጀምሮ በእጁ የሚበላ የሌላ አገር ሰው አይቶ አያውቅም ነበር። ቁጭ አድርጌ አጎረስኩት። ደነገጠ፣ ከዚያ ዋጠ።

ሥጋ ግን አቅርቤለት አላውቅም። እኔ የወሎ ልጅ ነኝ። ደሴ ላይ ሠርግ ሲደገስ የእስላሙ እርድ ለብቻ፣ የክርስቲያኑ እርድ ለብቻ መሆኑን ማንም ሳይነግረኝ አውቄ ነው ያደግኩት። እሱ ሊጠይቀኝ ሲሽኮረመም እኔ ቀድሜ «ረቡዕና ዓርብ ና፣ በእነዚያ ቀናት እኔም ሥጋ አልበላም» አልኩት። እንደዚያ ሆነን ከረምን።

የዚያን ዓመት የጣልያን መንግሥት ወረቀት ለሌላቸው ስደተኞች ፔርሜሶ የሚሉትን የመኖሪያ ፈቃድ ሰጠ። እሱም አገኘ። ደረጃውን በሩጫ ወጥቶ በራችንን ሲደበድብ እሳት የተነሳ መስሎን ነበር። ፔርሜሶውን ለአሮጊቷ አሳያቸው፣ እሳቸውም መነጽራቸውን አድርገው ፎቶውን አተኩረው አዩና «ሳትስቅ ተነስተሃል» ብለው ወቀሱት። ከዚያ ተቀመጠና ነገሩን ሁሉ አወጣው።

ከአገሩ ሲወጣ አንዲት ልጅ ወዶ ነበር፣ የመንደሩን ልጅ። አባቷ አልጠሉትም። «ወረቀት ይኑርህ፣ ከዚያ እንነጋገራለን» ብለውታል። አጎቷ ግን ከአረብ አገር ለዕረፍት የመጣ ሌላ ሰው ይዟል፤ ሰውየው እዚያው ቁጭ ብሎ ሻይ እየጠጣ ይጠብቃል። አባትየው በሁለት በኩል ሲጨነቁ አንድ ዓርብ ቆረጡ፦ በዚያ ቀን ኒካህ ከታሰረ ልጅቷ የእሱ ነች፣ ካልታሰረ ለዚያኛው ትሰጣለች። እሱ ደግሞ አሁን ሥራውን ቢተው ዳግም አያገኘውም። ስለዚህ ኒካሁ በስልክ ይሁን ተባለ።

«በስልክ?» አሉ አሮጊቷ። «ሙሽራዋ በሌለችበት? አሎራ፣ ቀለበቱን ለማን ነው የምታጠልቀው፣ ለሽቦው?»

እሱ ግን የብዙ ጓደኞቹ ጋብቻ እንደዚያ መሆኑን አስረዳን። ሙሽሪት፣ አባቷና ሼኹ እዚያ ስልክ አጠገብ ይሆናሉ፤ ሙሽራውና ምስክሮቹ እዚህ። ልጅቷ «ኮቡል» ትላለች፣ ተቀብያለሁ ማለት ነው፤ እሱም ይላል፤ አለቀ። ችግሩ ስልኩ ነው። ተርሚኒ ያለው ስልክ ቤት ካቢናው አንድ ሰው ነው የሚይዘው፣ ምስክሮቹ ደግሞ ቃሉን በጆሯቸው መስማት አለባቸው። ይህን ሲናገር አሮጊቷን አላያቸውም፣ ወለሉን ነው ያየው። እሳቸውም እጃቸውን ወደ አንገታቸው ሰደዱ። ቁልፉን ሲያወጡ መስቀሉ አብሮ ወጣ።

ዓርብ ጠዋት ከቢሮ አስፈቀድኩ። እዚያ ከጁምዓ ሰላት በኋላ ሲሆን እዚህ ገና ረፋድ ነው። ጾም ስለሆነ ምስሩን፣ ሽሮውን፣ ሩዙን ሁላችንም የምንበላው አድርጌ ሠራሁ። የሐበሻ ቀሚሴን ለበስኩ። አሮጊቷ ለፋሲካ ብቻ የሚያወጡትን ጥቁር ቀሚሳቸውን አደረጉ። እሱ ከሁለት ጓደኞቹ ጋር መጣ። የተዋሰው ኮት ትከሻው ላይ ይሰፋል። በእጁ ከትራቶሪያው ያመጣውን የፓስታ መቀቀያ ትልቅ ድስት ይዟል።

«ምግብ አለ እኮ» አልኩት።

«ለምግብ አይደለም አፓ» አለኝ። የስልኩን እጀታ ድስቱ ውስጥ ሲያስቀምጡት ድምፁ ጎልቶ ለሁሉም ይሰማል። ሳህን አጣቢዎቹ ሬዲዮናቸውን እንደዚያ ነው የሚሰሙት። ሞከርነው፣ እውነትም የመስመሩ እዝዝታ ቤቱን ሞላው። በጣም ተደሰትን። ድስቱ ከወዲያ የመጣውን እንደሚያጎላ ሁሉ ከወዲህ የሚሄደውንም ሰብስቦ እንደሚልክ ማናችንም አላሰብንም።

በኦፕሬተር አስደወልን፣ ጠበቅን፣ ተገናኘ። ስልኩ ያለው ከመንደራቸው ወዲያ ያለች ከተማ ውስጥ፣ አንድ መድኃኒት ሻጭ ቤት ነበር። ሰላምታው ረዘመ። ሼኹ ቁርዓን ቀሩ። ከምስክሮቹ አንዱ የሚሆነውን በጣልያንኛ ሹክ ይለኛል። «አሁን ልጅቷን እየጠየቋት ነው» አለኝ።

ዝም ተባለ። ሙሽራው ሁለት እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ድስቱን ያያል። እኔ በልቤ፣ እዚህ ስልክ ውስጥ ደህና ነገር የለም፣ ልትቀር ነው፣ እላለሁ። ከዚያ ከድስቱ ውስጥ አንዲት ቀጭን ድምፅ ወጣች።

«ኮቡል።»

ያን ጊዜ ምን እንደሆንኩ አላውቅም። በዚያ ስልክ ደስታ ሲመጣ የመጀመሪያው ነው። ያልሰማሁት የእህቴ ሠርግ፣ የዋጥኩት የወንድሜ ለቅሶ፣ ሁሉም አንድ ላይ መጣብኝ። ብድግ ብዬ እልልታዬን አቀለጥኩት! ቀሚሴን ይዤ፣ ድስቱ ላይ ጎንበስ ብዬ፣ እልልልልል! አሮጊቷም ትንሽ ቆይተው ተከተሉኝ፤ የጎንደር እናታቸው ትዝ ብላቸው ይሁን እንጃ፣ ድምፃቸው ከእኔ በለጠ።

ጨርሰን ትንፋሽ ስንወስድ ሦስቱ ወንዶች ፊታቸው አመድ መስሏል። ከድስቱ የሚወጣው የሰዎች ጫጫታ ነው። አንድ ወፍራም ድምፅ ሁሉንም በልጦ ጮኸ፣ ከዚያም ቀጭ አለና መስመሩ ተዘጋ።

«አላለቀም ነበር» አለ ምስክሩ። «ሦስት ጊዜ ነው የምትለው። ገና አንዱን ነው ያለችው።»

«ታዲያ ለዚህ ስልክ ይዘጋል?»

ሙሽራው ነው የመለሰልኝ። ድምፁ ቁጣ የለበትም፣ ያ ነው የባሰብኝ። «አፓ፣ በእኛ አገር በሠርግ ላይ እንደዚያ የሚያሰሙት የሂንዱ ሴቶች ናቸው። ሙስሊም አይልም። አጎቷ የሰማው እኔ ያለሁበት ቤት ውስጥ የሂንዱ ሠርግ ሲደረግ ነው።»

እኔ ለሥጋው፣ ለጾሙ፣ ለእርዱ ስጠነቀቅ የከረምኩት ሰው፣ ከአፌ የሚወጣው ነገር ሃይማኖት ይኖረዋል ብዬ በሕልሜም አላሰብኩም። ደሴ ላይ እልልታ የማንም አይደለም። የእስላም ልጅ ስትዳርም፣ ታቦት ሲወጣም፣ ወንድ ልጅ ሲወለድም ያው ነው። ከአዲስ አበባ እስከ ሮም ሲሄድ ያልተለወጠ ነገር ባንግላዴሽ ሲደርስ እንደዚህ ይሆናል ብሎ የሚገምት ማን አለ?

ደግመን አስደወልን። መስመር የለም። ጠበቅን። አሮጊቷ የጠፋ ዕቃ ያስገኛል የሚሉትን ቅዱሳቸውን ይለማመናሉ፣ መሀል ላይ አጎትየውን በጣልያንኛ ይረግማሉ። ሙሽራው ኮቱን አውልቆ አጥፎ ወንበር ላይ አስቀመጠው፤ ተስፋ የቆረጠ ሰው እንደሚያደርገው ቀስ ብሎ፣ መልካም አድርጎ። «አሁን ተነስተው ሄደዋል» አለ። «ያኛው ሰውዬ እዚያው ከተማ ውስጥ ነው።» ምስክሮቹ አላስተባበሉትም። እኔ ሽሮውን አማሰልኩ። የሚማሰል ነገር አልነበረውም፣ በርዷል።

ስልኩ ሲጮኽ ሁላችንም ዘለልን። ኦፕሬተሯ ነች፣ ተገናኝቷል። መጀመሪያ የመጣው አጎትየው ነው። ሙሽራው ይለማመጠዋል፣ ያኛው አይሰማም። ምስክሩ ሹክ አለኝ፦ «ቤትህ ሌላ ሚስት አስቀምጠህ የእኛን ልጅ ትፈልጋለህ ወይ ይለዋል።»

እጀታውን ከድስቱ ውስጥ መንትፌ አወጣሁት። ተቆጥቼ ነበር፤ እኔ ደግሞ ስቆጣ እንግሊዝኛዬ ይጠራል። «እንግሊዝኛ የሚችል ሰው አቅርቡልኝ!» ብዬ ጮኽኩ። መድኃኒት ሻጩ፣ የስልኩ ባለቤት፣ ተቀበለኝ። ረጋ ያለ ሰው ነው። ሼኹ ጥያቄ አላቸው አለና ያስተረጉም ጀመር።

«የየት አገር ሰው ነሽ ይሉሻል።»

«ሐበሻ ነኝ።»

ይህን እሱ መተርጎም አላስፈለገውም። ሼኹ ራሳቸው «ሐበሻ?» ሲሉ ሰማኋቸው። ከዚያ ብዙ ተናገሩ።

«አዛን የጠራው የመጀመሪያው ሙአዚን አገር ነው ይላሉ። የተሰደዱትን የነቢዩን ሰዎች ያስጠለለው ንጉሥ አገር። ሙስሊም ነሽ ወይ ይሉሻል።»

«አይደለሁም፣ ክርስቲያን ነኝ። ነገር ግን ለእርስዎ አልዋሽም፤ እኛ አገር ሙስሊሟም ክርስቲያኗም ጎረቤቷ ስትዳር እልል ትላለች፣ ዝም ያለች እንደሆነ ምቀኛ ትባላለች። ይህ ልጅ እዚህ ሚስት የለውም። ያለችው እህት ነች፣ እሷም እኔ ነኝ። ደስ ስላለኝ ነው የጮኽኩት። አልቻልኩም።»

መድኃኒት ሻጩ ተረጎመ። የሽማግሌ ሳቅ ተሰማ። ሼኹ ነበሩ። ለአጎትየው የተናገሩትን መድኃኒት ሻጩ ሲተረጉምልኝ «የስደተኞቹ ባለውለታ ልጅ ላይ በር አትዝጉባት» የሚል ነበር። እጀታው ድስቱ ውስጥ ተመለሰ። እኔ ፎጣ አፌ ላይ ያዝኩ፣ አሮጊቷም በሌላው ጫፍ አፋቸውን ያዙ።

ልጅቷ ከመጀመሪያው ጀመረች። አሁን አልዘገየችም። ኮቡል። ኮቡል። ኮቡል። ከዚያ የእኛው ወገን፤ የመጀመሪያዋ ቃል ላይ ተንተባተበ፣ ሁለቱ ግን ጠርተው ወጡ። ዱዓ ተደረገ፣ አሜን ተባለ። አለቀ። እኔ ፎጣዬን ነክሻለሁ።

ያን ጊዜ ከድስቱ ውስጥ፣ ከሩቅ፣ ከሌላ ክፍል የመጣ የሚመስል የአሮጊት እልልታ ተሰማ። ደካማ ነው፣ ይንቀጠቀጣል፣ ግን እልልታ ነው። ወዲያ ማዶ ሳቅ በሳቅ ሆነ። መድኃኒት ሻጩ እጀታውን ተቀብሎ «ይቅርታ፣ እናቴ ነች» አለኝ። ቤተሰቡ ሂንዱ ነው። እናትየው የእኔን ሰምተው ተራቸውን ሲጠብቁ ኖረዋል። በገዛ ቤታቸው ደግሞ አጎትየው ምን ሊላቸው!

«ምን ትጠብቂያለሽ?» አሉኝ የእኔዋ አሮጊት፣ ፎጣውን ከአፌ ነጥቀው። እልል አልኩ፣ እያለቀስኩ።

ልጅቷ ሮም የገባችው ከአንድ ዓመት በኋላ ነው፤ ደርግ ሊወድቅ ጥቂት ሳምንታት ቀርተውት፣ ወሎ ጦርነት ላይ ሆና እኔ የእናቴን ድምፅ ካጣሁ የሰነበትኩ ጊዜ። ባሏ ሻንጣዋን እንደያዘ መጀመሪያ ወደ እኛ ቤት አመጣት። ቀጭን፣ ዓይኗ መሬት የማይለቅ ልጅ ነች። ሻይ አልቀመሰችም። አንገቷን ቀና አድርጋ አንድ ነገር ጠየቀችው።

«የጮኸችው የትኛዋ ናት ትላለች» አለ እየሳቀ።

እጄን አወጣሁ፣ ጥፋተኛ ተማሪ መስዬ። መጥታ አጠገቤ ተቀመጠችና እጄን ያዘች። ከዚያ ለባሏም ነግራው የማታውቀውን ተናገረች፤ እሱ እየተረጎመ ድምፁ ተለወጠበት።

«የመጀመሪያዋን ኮቡል ካልኩ በኋላ ሁለተኛዋ አልወጣ አለችኝ» አለች። «የምሄደው ወንዶች ብቻ ወዳሉበት አገር፣ ማንም ወደማያውቀኝ ቤት ነው ብዬ ፈራሁ። እምቢ ልል ነበር። ያን ጊዜ የአንቺ ድምፅ መጣ። እዚያ ሴት አለች፣ በእኔም ደስ ብሏታል አልኩ። አጎቴ ስልኩን ዘግቶ ተነሺ እንሂድ ሲለኝ የጠረጴዛውን እግር ይዤ አልነሳም አልኩ። ስልኩ እስኪጮኽ ድረስ አለቀቅኩትም።»

አሮጊቷ ስልኩን ከዚያ ዓርብ ወዲህ ቆልፈውት አያውቁም። እኔ ግን ከዚያ በኋላ ስልክ አልፈራሁም ብል ውሸት ነው። ከደሴ ሲደወል አሁንም ስሞቹን እቆጥራለሁ። ሲጮኽ ግን መጀመሪያ ትዝ የምትለኝ የጠረጴዛ እግር ይዛ የተቀመጠችው ልጅ ናት፣ እና አነሳዋለሁ።